ከዙቤዳ ቤት አካፋ አልወጣም

ዙቤዳ ጀማዓዋን የከሰሰችው እንደምትሞት ካወቀች በኋላ ነው። ጎባ ላይ የመረመራት ሐኪም ጡቷ ውስጥ ያለው እብጠት ብብቷ ድረስ መዝለቁን፣ ምናልባት አንድ ክረምት ታይ እንደሆነ እንጂ ሁለተኛው ላይ እንደማትደርስ ነገራት። እርሷም አመሰገነችው፣ ሻሿን አስተካከለች፣ ከበሩ ወጥታም በቀጥታ ወደ ፍርድ ቤቱ ግቢ መጣች። ጊዜው 1964 ዓ.ም.፣ ወሩ ጥቅምት ነበር።

እኔ በዚያ ዓመት የዩኒቨርሲቲ አገልግሎቴን ለመፈጸም ወደ ተወለድኩባት ጎባ ተመድቤ የመጣሁ የሕግ ተማሪ ነበርኩ። ሥራዬ ማስተርጎም ነው። የችሎቱ ቋንቋ አማርኛ፣ የአብዛኛው ባለጉዳይ ቋንቋ ኦሮምኛ፣ በሁለቱ መካከል የቆምኩት ደግሞ እኔ ሰንበቴ ነኝ። የሚያስቀው ነገር፣ የመሐል ዳኛው ባላምባራስ ጉተማ እዚያው ባሌ ተወልደው ያደጉ፣ ኦሮምኛን ከእኔ አሳምረው የሚናገሩ ሰው መሆናቸው ነው። ከችሎት ውጭ በኦሮምኛ ይቀልዳሉ፣ ይቆጣሉ፣ ከብት ይገዛሉ። ወንበራቸው ላይ ሲቀመጡ ግን አንዲት ቃል እንደማይሰሙ ሆነው፣ ባለጉዳዩ ተናግሮ እስኪጨርስ ድረስ ግድግዳውን ይመለከታሉ፤ ከዚያም ወደ እኔ ዞረው «ምን አለ?» ይላሉ። ሥርዓቱ ይህ በመሆኑ ማንም አይስቅም ነበር።

ያኔ ዙቤዳን አንቱ እላት ነበር። ዛሬ እርሷ ከሞተችበት ዕድሜ በሃያ አምስት ዓመት ስለምበልጥ፣ በዚህ ትረካ እንደ ታናሽ እኅቴ ብጠራት የምትቀየመኝ አይመስለኝም።

ክሱ እንዲህ ነው። ከሮቤ ወጣ ብሎ፣ ወደ አጋርፋ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ስድሳ ያህል ቤተሰብ የሚሰግድበት በጭቃ የተመረገ መስጊድ ነበር። እነዚህ ስድሳ ቤቶች አንድ ጀማዓ ናቸው፤ አብረው ይሰግዳሉ፣ አብረው ያዝናሉ፣ ከሁሉም በላይ አብረው ይቀብራሉ። የአባላት መዝገብ የላቸውም። ሰው ሲሞት ከየቤቱ አንድ ወንድ አካፋ ይዞ ይወጣል፤ መቃብሩን ይቆፍራል፣ በጀናዛው ላይ ይሰግዳል፣ አፈሩን ይመልሳል፣ ዱዓው ሳያልቅም ከቦታው አይነቃነቅም። አካፋ የወጣበት ቤት የጀማዓው ቤት ነው። ደጋግሞ የቀረ ቤት ደግሞ ያለ ስብሰባና ያለ ቃለ ጉባኤ ከጀማዓው እንደ ወጣ ይቆጠራል፤ የዚያ ቤት ሰው ሲሞት ማንም አይቆፍርለትም፣ በመስጊዱ ጀርባ ባለው መቃብርም ቦታ አይሰጠውም።

የዙቤዳ ባል ዲኖ ከሞተ ሦስት ዓመት አልፎ ነበር። የወለደቻቸው ሦስት ልጆች ጡት ሳይጥሉ ሞተው በዚያው መቃብር ተቀብረዋል። ወንድ የሌለው ቤት አካፋ አያወጣም። ሕመሙ ሲጀምራት ሽማግሌዎቹን ሄዳ ብትጠይቅ፣ በጨዋ ቋንቋ፣ አጋርፋ ወዳለው ወንድሟ ጀማዓ እንድትጠጋ መከሯት። ክፋት አልነበረባቸውም። ደንባቸው የሚለው ይህንኑ ነበር።

«አጋርፋ ደግ አገር ነው» አለችኝ የክሷን ማመልከቻ ስጽፍላት። «ወንድሜም ደግ ነው። ግን በቂያማ ቀን ከመቃብር ስነሣ ዓይኔን ገልጬ የማየው የማላውቀውን ሰው ሁሉ ሊሆን ነው። እኔ ጎረቤቶቼን ማየት እፈልጋለሁ። ከዲኖ ጋር ደግሞ ያላለቀ ጭቅጭቅ አለን።»

ማመልከቻውን መጻፍ ቀላል አልነበረም። ሕጉ ስለ ማኅበር ብዙ ይላል፤ መዝገብ ስለሌለው፣ ሰብሳቢ ስላልመረጠ፣ የሞቱ አባላቱ ከሕያዋኑ ስለሚበዙ ማኅበር ግን ዝም ይላል። ባላምባራስ ጉተማም ጉዳዩ የሃይማኖት ነው ብለው ወደ ቃዲው ላኳት። ቃዲው በበኩላቸው እኔ የምፈርደው ስለ ጋብቻ፣ ስለ ውርስና ለመስጊድ ስለተሰጠ ንብረት፣ ስለ ወቅፍ፣ ነው፤ የአባልነት ክርክር ከሥልጣኔ ውጭ ነው ሲሉ በደብዳቤ መለሷት። ዙቤዳ ደብዳቤውን ይዛ እንደገና ችሎት ፊት ቆመች።

«ጀማዓው የእኔ አይደለሽም አለኝ» አለች። «ቃዲው የእኔ አይደለሽም አሉኝ። እርስዎም የእኔ አይደለሽም ብለውኛል። ሞትም እንደ እናንተ የእኔ አይደለሽም ቢለኝ ምናለበት!»

ቃሉን ሳልተረጉመው የባላምባራስ ጢም መንቀጥቀጥ ጀምሮ ነበር። በሥርዓቱ ግን ግድግዳውን እያዩ ጠበቁኝ፤ ተርጉሜ ስጨርስ ሳቁ፤ ከሳቁም በኋላ ሁለት ፍርድ ቤት የሸሻትን ሴት አንዱ ቆሞ መስማት አለበት ብለው መዝገቡን ከፈቱ።

በኅዳር ወር አምስቱ ሽማግሌዎች ቀረቡ። የሚመሯቸው ሐጂ ጀሊል የሚባሉ፣ ጺማቸው እንደ ተበጠረ ሱፍ የነጣ፣ ሲናገሩ ድምፃቸው የማይሰማ አዛውንት ነበሩ። የሚናገርላቸው ግን መሀመድአወል ነው፤ ሮቤ ላይ የጨርቅ ሱቅ ያለው፣ አማርኛ አቀላጥፎ የሚያውቅ፣ አስተርጓሚ ሊያቀርቡለት ሲሉ ቅር የሚለው ሰው። ክርክሩ የተማረ ሰው ክርክር ነበር። ይህች ሴት ክፉ አይደለችም አለ፤ ሆኖም ጀማዓ ግዴታ ነው፣ የአንዱን ሙት ያልቀበረ በሌላው ሊቀበር አይችልም፣ ለአንዲት ሴት ብለን ደንቡን ብንጥስ ነገ ሰነፉ ሁሉ አካፋውን ሰቅሎ ይቀመጣል። በመጨረሻም ቀስ ብሎ፣ የሚያዝን በሚመስል ድምፅ፣ «ከዙቤዳ ቤት ሦስት ዓመት አካፋ አልወጣም» ሲል ደመደመ።

ባላምባራስ ወደ ከሳሿ ዞሩ። በእነዚህ ሦስት ዓመታት ለጀማዓው ያደረግሽው ነገር አለ ወይ ብለው ጠየቋት። ጥያቄውን ተረጎምኩት። ዙቤዳ እጆቿን ከፊቷ አጣጥፋ ጥቂት አየቻቸው።

«አለ» አለች።

«ምንድን ነው?»

«እርሱን አልናገርም።»

ባላምባራስ በትዕግሥት አስረዷት። ከሳሽ ማስረዳት አለበት፤ ያልተነገረ ነገር አይመዘንም፤ ዝም ካልሽ የምፈርደው በእነርሱ ቃል ብቻ ነው አሏት። እርሷም ገብቷት ራሷን ነቀነቀች፤ አፏን ግን አልከፈተችም። መሀመድአወል በዚያን ጊዜ ወለሉን ያይ እንደነበር አስታውሳለሁ። ድል ያደረገ ሰው ለምን ወለል እንደሚያይ አልገባኝም ነበር። ቀጠሮ ለጥር ተሰጠ። ዙቤዳ ስትወጣ፣ ቀጠሮ የሚሰጡ ሰዎች ሁሉ መቼም እንደማይሞቱ እርግጠኞች ናቸው አለችኝ።

ከእርሷ ጋር ሎሚ የምትባል ጎረቤቷ ትመጣ ነበር። የሎሚ ባል የጀማዓው አባል ነው፤ ለምስክርነት እንዳትሄድ ከልክሏታል፤ እርሷም ገበያ ነው የምሄደው ብላው መጥታለች። ዙቤዳ ለመስገድ ወደ ጓሮ ዞር ስትል፣ ሎሚ ከፍርድ ቤቱ ደረጃ ላይ እጄን ይዛ ወደ ጎን ወሰደችኝ።

«አንቺ ልጅ፣ ያስተማሩሽ ምንድን ነው?» አለችኝ። «ሴቶቻችንን የሚያጥብልን ማን ይመስልሻል?»

ከዚያ የነገረችኝ ይህ ነው። ሴት ስትሞት ወንዶቹ አካፋቸውን ይዘው ወደ መቃብሩ ይወጣሉ። ቤቱ ለሴቶች ይቀራል፤ መጋረጃ ይዘረጋል፤ ገላው ይታጠባል፣ ይከፈናል፣ ተጠቅልሎም ለወንዶቹ ይሰጣል። ከመጋረጃው ጀርባ ማን እንዳለ ወንድ አይጠይቅም፤ መጠየቁ ነውር ነው። ወንዶቹ የሚያውቁት ረቢያ የምትባል አሮጊት አጣቢ እንደነበረች ብቻ ነው። ረቢያ ግን ገና ከሃያ ዓመት በፊት ዓይኗ ጠፍቶ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከመጋረጃው ጀርባ ተቀምጣ ዱዓውን ትል ነበር እንጂ የሚያጥቡት እጆች የዙቤዳ ነበሩ። ረቢያም ከሞተች ስምንት ዓመት ሆኗታል። ከመሞቷ በፊት ዙቤዳን አስምላታለች፦ እጅሽ ያየውን አፍሽ አይወቀው። የሙትን ገላ ምሥጢር መጠበቅ በሃይማኖታቸው የአጣቢ ሁሉ ግዴታ ነው። ረቢያ ግን ከዚያም አልፋ፣ ማንን እንዳጠብሽ እንኳ አትናገሪ፣ የተናገርሽ ቀን ምንዳሽን በምድር ተቀበልሽ ብላታለች።

ከዚያ ወዲህ ብዙ አገር ዞሬያለሁ። ጣሪያቸው ሰማይ የሚያህል መስጊዶችና ካቴድራሎች ውስጥ ቆሜ አንገቴ እስኪያመኝ ወደ ላይ አይቻለሁ፤ የመመሪያ መጽሐፍ ይዘው «እዚህ ላይ ይደነቁ» የሚሉ አስጎብኚዎችንም ታዝዤ ተደንቄያለሁ። በዚያ ደረጃ ላይ የያዘኝ ስሜት ግን ሌላ ነበር። ስድሳ ቤት፣ ሃያ ዓመት። በወሊድ የሞተችው፣ በሳንባ የሞተችው፣ እንዴት እንደ ሞተች በሹክሹክታ የሚወራላት። የእያንዳንዷን ጠባሳ፣ የእያንዳንዷን ክሳት፣ ልብስ ሸፍኖት የኖረውን ሁሉ እነዚያ ሁለት እጆች ያውቁታል። አንድ አገር ሙሉ እጇ ውስጥ ነበር፤ አንዲት ቃል ብትናገር ክሱን ትረታ ነበር፤ አልተናገረችም። ዙቤዳ ሰግዳ ስትመለስ አተኩሬ ሳያት፣ ፊቴ ላይ ጥላሸት አለ እንዴ ብላ ጉንጯን ጠረገች።

አስተርጓሚ ምስክር አይሆንም፤ ለዳኛም በጓሮ ወሬ አያደርስም። ሎሚን ግን ስሟን አስመዝግቢ ብዬ መምከር እችል ነበር፤ መከርኳት። በጥር ቀጠሮ ሎሚ ቀርባ፣ በቁርአን ምላ፣ የራሷን ብቻ ተናገረች፦ እናቷን ዙቤዳ እንዳጠበቻት፣ እኅቷንም ዙቤዳ እንዳጠበቻት፤ ስለ ሌላው ቤት የየቤቱ ሰው ይናገር። ዙቤዳ ጀርባዋን ሰጠቻት። ከዚያ በኋላ ለሁለት ሳምንት ያህል አልተነጋገሩም፤ ሆኖም ጎባ ወዳለው ሐኪም ሲመጡም ሲመለሱም አንድ ጥላ ለሁለት ይዘው፣ በዝናብም በፀሐይም፣ ተኳርፈው ይሄዱ ነበር።

ባላምባራስ ምስክርነቱን ሲሰሙ ብዕራቸውን አስቀመጡ። ሐጂ ጀሊልን አስነሥተው፣ ከረቢያ ወዲህ የጀማዓውን ሴቶች የሚያጥብ ማን ነው ብለው ጠየቋቸው።

«ሴቶቹ ናቸው» አሉ ሐጂ ጀሊል።

«የትኞቹ ሴቶች?»

«ሴቶቹ።»

«ረቢያን ራሷንስ ማን አጠባት?»

ሐጂ ጀሊል ወደ አራቱ ሽማግሌዎች ዞሩ። አራቱም እርስ በርሳቸው ተያዩ። አንደበተ ርቱዑ መሀመድአወል መሐረቡን አውጥቶ፣ በዚያ ብርድ፣ ግንባሩን ጠረገ። ባላምባራስ ሦስት ሳምንት ቀጠሩ፤ ትእዛዛቸውም አጭር ነበር፦ እያንዳንዳችሁ ቤታችሁ ገብታችሁ ጠይቁና ኑ።

በየካቲቱ ቀጠሮ አምስት ሰው ስንጠብቅ ስድሳ መጣ። ጎሕ ሲቀድ ከመንደራቸው ተነሥተው፣ ሮቤን አልፈው፣ ያን ሁሉ መንገድ በእግራቸው መጥተዋል። ችሎቱ ሞላ፤ በረንዳው ሞላ፤ የተረፉት በመስኮት ቆሙ። ሰው ሲበዛ ድምፅ ይበዛል ብዬ ነበር የማውቀው፤ ያን ቀን ግን የጣሪያው ቆርቆሮ ፀሐይ ሲመታው የሚያሰማው ቅጭልጭልታ ሳይቀር ይሰማ ነበር። ዙቤዳ እጅግ ከስታለች፤ እንድትቀመጥ ተፈቀደላት።

ሐጂ ጀሊል ተነሡ። በኦሮምኛ ተናገሩ፤ እኔ ከሥር ከሥራቸው ተረጎምኩ።

«ቤቴ ጠየቅሁ። እናቴን ያጠበቻት እርሷ ናት። የመጀመሪያ ሚስቴን ያጠበቻት እርሷ ናት። በኩፍኝ የሞቱትን ሁለት ሴቶች ልጆቼን፣ በአንድ ቀን፣ ያጠበቻቸው እርሷ ናት። ብርድ ነበር። ውሃውን አሙቃ ነበር አሉኝ። ሙት አይበርደውም፤ እርሷ ግን ልጆች ናቸው ብላ አሞቀችው። እኔ ያን ቀን ውጭ ቆሜ ነበር። ማን እንደሆነች አልጠየቅሁም።» ትንፋሻቸውን ሰበሰቡ። «ከእኛ አይደለችም ብለን ነበር። ከእኛ ጋር ማን እንዳለ የማናውቀው እኛ ነን።»

ከዚያ ሌላው ተነሣ። «እናቴን» አለ፤ ተቀመጠ። ከበሩ አጠገብ አንዱ «ሚስቴን» አለ። በረንዳው ላይ የነበረ ረጅም ሰው በመስኮት አንገቱን አስገብቶ «የወንድሜን ልጅ» አለ። ማንም አልጠራቸውም፤ ማንም ተራ አልሰጣቸውም፤ እንደ መቃብር አፈር እየተከታተሉ ወረዱ። እኔ አንድ አንድ ቃል እየተረጎምኩ ሄድኩ፤ የችሎቱ ጸሐፊ መጻፉን ትቶ ቆመ። ዙቤዳ ሻሿን ፊቷ ላይ ሳበችና ወደ እኔ ጎንበስ ብላ፣ ተዉ በያቸው፣ የሃያ ዓመት ምንዳዬን በአንድ ጧት ጨረሱት አለችኝ። ይህንን አልተረጎምኩትም።

በመጨረሻ የቀረው መሀመድአወል ነበር። ተነሥቶ ወደ ዳኛው ሳይሆን ወደ እርሷ ሄደ፤ ሁለት እርምጃ ሲቀረው ቆመ። እስከዚያ ቀን ድረስ በችሎት ውስጥ ከአማርኛ ሌላ ተናግሮ አያውቅም፤ አሁን ግን የተናገረው በኦሮምኛ ነው።

«ኡሙሰልማን ያጠብሻት አንቺ ነሽ» አለ። ኡሙሰልማ ከሰባት ዓመት በፊት ሞታ የቀበራት ሚስቱ ናት፤ አገሩ የሚያውቀው ከበቅሎ ወድቃ እንደሞተች ነው። «ገንዳውን ይዘሽ ስትወጪ አይቼሻለሁ። ሰባት ዓመት ሙሉ ፈርቼሻለሁ።»

«አውቃለሁ» አለች ዙቤዳ። «መንገድ ላይ ስታየኝ ወደ ማዶ ትሻገር ነበር። በጭቃ እንኳ።»

«ያየሽውን ለዳኛው ንገሪ።»

ዙቤዳ ሻሿን ከፊቷ ገለጠች። በቁጣ ወይም በእዝነት ታየዋለች ብዬ ጠብቄ ነበር፤ በሁለቱም አልነበረም። ራቅ ያለ ነገር ለማየት እንደሚሞክር ሰው ዓይኗን ጠበብ አድርጋ አየችው።

«እኔ ያጠብኩት ገላ ነው» አለችው። «የታጠበ ነገር ከእኔ ዘንድ የለም። የአንተን ጉዳይ የያዘው ሌላ ነው፤ ከእኔ አትጠይቀው።»

መሀመድአወል የራሱን ቆብ አወለቀ፤ ምን እንደሚያደርግበት ጠፍቶት በሁለት እጁ ያዘው፤ ከዚያም እዚያው በቆመበት ወለሉ ላይ ተቀመጠ። ያ ሁሉ ሰው ቆሞ፣ እርሱ ብቻ መሬት ላይ ነበር።

እኔ ልተረጉም አፌን ከፈትኩ። ባላምባራስ ጉተማ እጃቸውን አነሡ። በዚያን ጊዜ ግድግዳውን እያዩ አልነበረም፤ እርሷን እያዩ ነበር፤ ዓይናቸውም እርጥብ ነበር።

«አያስፈልግም» አሉኝ። ከዚያም ለጸሐፊው፣ በችሎት ድምፃቸው፣ «ፍርድ ቤቱ ያልተተረጎመለትን አልሰማም» አሉ።

በዚህ ምክንያት በመዝገቡ ላይ ከዚያ ንግግር አንድ ፊደል የለም። የተጻፈው፣ ተከሳሾቹ ከሳሽ የጀማዓው አባል መሆኗን በቃላቸው ስላመኑ ክርክሩ በዚሁ ተዘግቷል የሚል ብቻ ነው። የሕግ ተማሪነቴ ያን ቀን ውስጤ ሆኖ ጮኾ ነበር፤ ለኡሙሰልማስ ማን ይናገርላታል ይል ነበር። ባላምባራስን በኋላ በድፍረት ጠየቅኋቸው። አንዲት የምትሞት ሴት የያዘችውን አደራ በግድ አስጥዬ ምስክር ላደርጋት አልቻልኩም፤ ስህተት ከሆነ ስህተቱ የእኔ ነው አሉኝ። ዙቤዳ ምን እንዳየች፣ ጨርሶስ ያየችው ነገር እንደነበረ፣ እስከ ዛሬ አላውቅም። ከዚያ በኋላ በሠራሁባቸው ዓመታት ሁሉ ይህን ጥያቄ እያገላበጥኩ ኖሬያለሁ፤ አንዳንድ ቀን ለሟቿ እፈርዳለሁ፣ አንዳንድ ቀን ለአጣቢዋ። ያን ጧት በዚያ ክፍል ውስጥ የነበረው ነገር ከእኔ ፍርድ በላይ እንደነበረ ብቻ አልጠራጠርም።

ችሎቱ ሲበተን ዙቤዳን እስከ ከተማው መውጫ ድረስ ደግፌ ሸኘኋት። ወደ ሮቤ የምትሄድ መኪና ፈልገንላት ነበር፤ እርሷ ግን እስከ መታጠፊያው በእግሬ ልሂድ አለች። ሎሚ በአንድ በኩል፣ እኔ በሌላው በኩል ይዘናታል። ወንዶቹ እንደ ልማዳቸው ቀድመው ሄደው ነበር፤ ነጫጭ ቆባቸውና ጋቢያቸው በገብሱ ማሳ መካከል እየራቀ ይታየናል። ከተራራው የሚወርደው ነፋስ ያን ቀን ይቆርጥ ነበር።

መታጠፊያው ላይ ስንደርስ ነጫጮቹ ቆቦች ቀጥ ብለው ቆመው አየን። መጀመሪያ የሚያርፉ መስሎኝ ነበር። የተቀመጠ ግን አልነበረም። ስድሳው ሰው በመንገዱ ግራና ቀኝ ተሰልፎ፣ ፊቱን ወደ እኛ አዙሮ፣ መሐሉን ክፍት ትቶ ይጠብቃል። መሀመድአወልም ቆቡን አድርጎ ከዳር ቆሟል።

ዙቤዳ በእጇ ሂዱ የሚል ምልክት ሰጠቻቸው። አልተነቃነቁም።

«እኔ ቀርፋፋ ነኝ በያቸው» አለችኝ።

እኔም ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ አስተርጓሚ ነኝና፣ ቀርፋፋ ናት ትላችኋለች አልኳቸው። ሐጂ ጀሊል ከዚያ ሆነው የመለሱልኝን ነፋሱ ወሰደው፤ እጃቸውን ግን ደረታቸው ላይ አድርገው ነበር። ከእኔና ከሎሚ እጅ ወጣች። አንድ እርምጃ፣ ትንሽ እረፍት፣ ሌላ እርምጃ፤ ብቻዋን ሄደች። የሠራዊት ሰልፍም፣ የመንግሥት አቀባበልም አይቻለሁ፤ እንደዚያ ዝም ብሎ፣ እንደዚያ ረጅም ጊዜ፣ አንድ ሰው እስኪደርስለት የቆመ ሕዝብ ግን አላየሁም። ስትደርስ መሐላቸው ገባች፤ ሻሿም ከቆቦቹ ጋር ተደባልቆ ከዓይናችን ጠፋ።

በነሐሴ፣ ክረምቱን ሳትጨርሰው፣ ሞተች። እኔ ያኔ ትምህርቴን ለመጨረስ አዲስ አበባ ተመልሼ ነበር። ሐጂ ጀሊል ሰው አስጽፈው የላኩልኝ ደብዳቤ አንድ ገጽ እንኳ አይሞላም። ከሰላምታው በኋላ እንዲህ ይላል፦

«ልጄ ሰንበቴ፣ ዝናብ ስለነበር መሬቱ ከብዶን ከሰዓት በኋላ እስከሚሰገደው የዐስር ሶላት ድረስ ቆፈርን። ከዲኖ በስተቀኝ ናት፣ ልጆቿም ከእግርጌዋ ናቸው። ከስድሳው ቤት የቀረ የለም። ማን እንዳጠባት ሴቶቹን ጠየቅናቸው። አልነገሩንም።»